ባለጉዳዮቹ እህትማማቾች፦ በልጆች የምስጢር ልቦለድ ውስጥ የእጓለ ማውታ ስፍራ

ስለ ልጆች የምስጢር ልቦለድ በሚጻፉ ሂሶች ውስጥ፣ እንደ ተረጋገጠ እውነት ተቆጥሮ ማስረጃ ሳይጠየቅበት ከአንዱ ጸሐፊ ወደ ሌላው የሚሸጋገር አንድ ፍርድ አለ። ፍርዱ እንደሚለው፣ በእነዚህ መጻሕፍት ውስጥ የሚገኙ እናትና አባታቸውን ያጡ ልጆች፣ በግእዙ ልማድ እጓለ ማውታ የሚባሉት፣ የደራሲው መሣሪያዎች ናቸው፤ ወላጆች በገጽ አንድ ላይ የሚሞቱት ልጆቹ ያለ ከልካይ በሌሊት ወጥተው ሌባ እንዲያሳድዱ ነው፤ ሙት ልጆቹ ዋና ገጸ ባሕርያት ካልሆኑ ደግሞ የተፈጠሩበት ምክንያት አንባቢው ከንፈሩን እንዲመጥላቸውና የጀግናዋ ደግነት በእነርሱ ላይ እንዲታይ ብቻ ነው። ፍርዱ ግማሽ እውነት ስላለው ሰፊ ተቀባይነት አግኝቷል፤ ግማሹን እውነት ሙሉ አስመስሎ ያቀረበው ግን ሁለት የተለያዩ ነገሮችን አንድ አድርጎ በማየት ነው። ምስጢሩን የሚመረምረው ልጅ እጓለ ማውታ መሆኑ አንድ ነገር ነው፤ ምስጢሩ የሚመረመርላቸው ልጆች እጓለ ማውታ መሆናቸው ሌላ ነገር ነው። የመጀመሪያው ለደራሲው ምቾት ተብሎ የተደረገ ሊሆን ይችላል፤ ሁለተኛው ግን ታሪኩ እንዲኖር ያደረገው ምክንያት ነው። በንዑስ ገጸ ባሕርይነት፣ ማለትም ታሪኩን በማይመሩ ነገር ግን የታሪኩ ውጤት በሚደርስባቸው ሰዎች ስፍራ፣ የሚመጡ ወላጅ አልባ ወንድማማቾችና እህትማማቾች የፍርድ ቤቱ ቋንቋ ባለጉዳይ የሚላቸው ናቸው፤ ለባለጉዳይ ደግሞ ጉዳዩ ይታይለታል እንጂ ከንፈር አይመጠጥለትም።

ለክርክሩ መፈተኛ እንዲሆን የሚገባው መጽሐፍ እ.ኤ.አ. አፕሪል 28 ቀን 1930 በአሜሪካ ለገበያ የቀረበው የናንሲ ድሩ ተከታታይ የመጀመሪያ ቅጽ፣ «የአሮጌው ሰዓት ምስጢር» ነው። በሽፋኑ ላይ የሰፈረው ካሮላይን ኪን የሚለው ስም የብዕር ስም ነው። ሐሳቡን ያመነጩት ኤድዋርድ ስትራትማየር ሲሆኑ፣ ድርጅታቸው የታሪክ ንድፍ እያወጣ ለጸሐፊዎች ይሰጥ፣ የተጻፈውንም በተለያዩ የብዕር ስሞች ያሳትም ነበር፤ ንድፉን ተቀብለው መጽሐፉን የጻፉት ደግሞ ኋላ ቤንሰን በሚለው ስማቸው የታወቁት ሚልድረድ ዊርት ናቸው። ለአንድ መጽሐፍ የተከፈላቸው 125 ዶላር ነበር፤ መጽሐፉ በ50 ሳንቲም እየተቸበቸበ ትውልድ ሲሻገር ከሽያጩ የሚደርሳቸው ድርሻ አልነበረም፤ ጸሐፊዋ እርሳቸው መሆናቸውም በአደባባይ ሊታወቅ የቻለው ከ50 ዓመት በኋላ፣ እ.ኤ.አ. በ1980 አሳታሚዎች በፍርድ ቤት ሲካሰሱ ነው። ስትራትማየርም መጽሐፉ በወጣ በ12ኛው ቀን ስላረፉ የፈጠሯት ገጸ ባሕርይ የደረሰችበትን አላዩም።

ታሪኩ የሚያጠነጥነው በአንድ ኑዛዜ ላይ ነው። ጆሳያ ክራውሊ የተባሉ አዛውንት ይሞታሉ፤ በመጨረሻ ዘመናቸው በቤቱ ያስጠጋቸው የቶፋም ቤተሰብ፣ ንብረቱን በሙሉ ለእርሱ የሚያወርስ ኑዛዜ በእጁ ስላለ ሀብቱን ሊረከብ ይነሣል፤ ሆኖም አዛውንቱ ከዚያ በኋላ ሌላ ኑዛዜ ሳይጽፉ አልቀሩም የሚል ጥርጣሬ አለ። የጠበቃ ልጅ የሆነችው የ16 ዓመቷ ናንሲ ድሩ ይህን ስታጣራ፣ ከመንገድ ላይ ዶፍ ዝናብ ይይዛትና መኪናዋን ወደ አንድ የእርሻ ጎተራ ታስገባለች፤ የእርሻው ባለቤቶች ግሬስ ሆርነርና አሊ ሆርነር የሚባሉ፣ ወላጆቻቸው የሞቱባቸው ሁለት እህትማማቾች ናቸው። ግሬስ ልብስ ትሰፋለች፤ አሊ ዶሮ ታረባለች። አዛውንቱ ክራውሊ የሥጋ ዘመዳቸው ባይሆኑም እንደ ዘመድ የቀረቡ ወዳጅ ነበሩ፤ በኑዛዜያቸው እንደሚያስቧቸውም ነግረዋቸው ነበር። የጠፋው ኑዛዜ እስኪገኝ ድረስ በመጽሐፉ ውስጥ የሚሆነው ሁሉ ከዚህ ጎተራ ይነሣል ቢባል ማጋነን አይሆንም።

ወላጆች የሚሞቱት ልጆች በነፃነት እንዲንቀሳቀሱ ነው የሚለው ማብራሪያ እዚህ ላይ ሲደርስ ይቆማል። የናንሲ እናት በልጅነቷ ሞተዋል፤ አባቷም በሥራ የተጠመዱ ስለሆኑ መኪናዋን አስነሥታ ወደ ፈለገችው ትሄዳለች። ለእርሷ ማብራሪያው ይሠራል፤ ይህን የሚክድ የለም። የሆርነር እህትማማቾች ግን ሌባ አያሳድዱም፣ በሌሊት አይወጡም፣ ፍንጭ አይለቅሙም፤ ከእርሻቸው ርቀው የሚሄዱበት አጋጣሚ እንኳ እምብዛም ነው። ለጀብዱ የማይነሡ ሰዎች ከመንገዳቸው ላይ ወላጅ የሚወገድላቸው ለምንድን ነው? ወላጆቻቸው በሕይወት ቢኖሩ ኖሮ በናንሲ ምርመራ ላይ አንዳች እንቅፋት አይፈጠርም ነበር። የሚለወጠው ሌላ ነገር ነው፤ እርሻውን የሚያርስና ዕዳውን የሚከፍል ሰው ስለሚኖር የጠፋው ኑዛዜ የሞትና የሕይወት ጉዳይ መሆኑ ይቀርና ቢገኝም ባይገኝም ግድ የማይሰጥ ወረቀት ይሆናል። በሥነ ጽሑፍ ጥናት ሴራ የሚባለው፣ ማለትም ድርጊቶችን በምክንያትና በውጤት የሚያስተሳስረው ሰንሰለት፣ ማሰሪያውን ያገኘው ከእህትማማቾቹ ሙት ልጅነት ነው። ናንሲ ብትሳሳት የምታጣው ኩራቷን ብቻ ነው፤ እነርሱ የሚያጡት የሚኖሩበትን ነው።

ሁለተኛው የፍርዱ ክንድ፣ ማለትም እህትማማቾቹ የናንሲን ደግነት ለማሳየት የቆሙ ምስኪኖች ናቸው የሚለው፣ ይበልጥ የተስፋፋና ይበልጥ የሚያሳስት ነው። ይህን የሚሉ ሰዎች የመጀመሪያውን ግንኙነት በጥንቃቄ አላነበቡም። ሀብታሟ ልጅ ስንቅ ይዛ ወደ ድሆቹ ቤት አልመጣችም፤ ዝናብ አባሯት፣ ማንነታቸውን ሳታውቅ በሰው ጎተራ ተጠልላ የተገኘች እንግዳ ናት። በእንግድነት ሥርዓት ውስጥ የመጀመሪያው ባለውለታ አስተናጋጁ ነው፤ ስለዚህ በመጽሐፉ ውስጥ ቀድሞ የተደረገው ቸርነት ከእጓለ ማውታዎቹ ወደ ባለመኪናዋ የሄደ ነው። ስለ ክራውሊ የሚያውቁትንም የሚነግሯት በገዛ ቤታቸው ተቀምጠው፣ እርሷን እንግዳ አድርገው ነው። የእነርሱ ቃል የምስክር ቃል ነው፤ ልመና የሚመስል ነገር አይገኝበትም። አንባቢው ስለ ግሬስና ስለ አሊ አስቀድሞ የሚያውቀውም እንባቸውን ሳይሆን ሥራቸውን ነው፤ አንዷ በመርፌ፣ ሌላዋ በዶሮ። ገቢው አለመብቃቱ እውነት ነው፤ ነገር ግን ሥራው የማይበቃው ሠራተኛና ሥራ የሌለው ተመጽዋች አንድ አይደሉም፤ በሂሱ ውስጥ ሁለቱ በአንድ ስም መጠራታቸው ለድህነት ከሚሰጠው የተሳሳተ ግምት የመነጨ ነው።

ከዚህም በላይ፣ መጨረሻ ላይ ለእህትማማቾቹ የደረሳቸው ገንዘብ ከማን ኪስ እንደ ወጣ መመልከት ያስፈልጋል። የናንሲ አባት ጠበቃና ደህና ኑሮ ያላቸው ሰው ናቸው፤ ምጽዋት የታሪኩ ዓላማ ቢሆን ኖሮ ጥቂት የአሜሪካን ዶላር ከእርሳቸው መጥቶ መጽሐፉ በአምስተኛው ምዕራፍ ባለቀ ነበር። መጽሐፉ ግን 25 ምዕራፍ ሙሉ የሚደክመው አንድ ሰነድ ለማግኘት ነው። ምክንያቱ ሕጋዊ ነው። አንድ ሰው ሳይናዘዝ ቢሞት ንብረቱ በሕግ የሚተላለፈው ለሥጋ ዘመዶቹ ነው፤ ኑዛዜ ካለ ኑዛዜው ይጸናል፤ ሁለት ኑዛዜዎች ከተገኙ ደግሞ ኋላ የተጻፈው የፊተኛውን ይሽራል። ከክራውሊ ጋር የደም ትስስር የሌላቸው ግሬስና አሊ በመጀመሪያው ሕግ ምንም የላቸውም፤ በቶፋም እጅ ባለው ኑዛዜም ምንም የላቸውም፤ ያላቸው የሚጸናው ኋለኛው ወረቀት ከተገኘ ብቻ ነው። ቃል ተገብቶላቸዋል፤ ቃሉ ግን ያለ ጽሑፍ በፍርድ ቤት አይቆምም። ናንሲ በአሮጌው ሰዓት ውስጥ የተደበቀችውን ማስታወሻ ደብተር አግኝታ፣ ደብተሯ ወደ ጠቆመችው የባንክ ሣጥን ስትሄድ የምትሠራው የጠበቃ ሥራ ነው፤ የሰውን መብት የሚያስረዳ ማስረጃ ታቀርባለች። ስምንትና ዐሥር ዓመት የሆናቸው አንባቢዎች በዚህ መጽሐፍ አማካይነት የሚማሩት የውርስ ሕግ መሠረታዊ ሐሳብ መሆኑ፣ ተቺዎቹ ሊያከብሩት ሲገባ ሳያዩት ያለፉት ነገር ነው።

ዘመኑም ቢሆን የደራሲዋ ምናብ የፈጠረው አልነበረም። መጽሐፉ የወጣው የኒው ዮርክ የአክሲዮን ገበያ በወደቀ በስድስተኛው ወር ነው። በአሜሪካ ከ1854 እስከ 1929 ድረስ፣ ወደ 200,000 የሚጠጉ ልጆች ከምሥራቅ ከተሞች በባቡር ተጭነው በመካከለኛውና በምዕራቡ ክፍል ለሚገኙ ቤተሰቦች ሲታደሉ ኖረዋል፤ በየጣቢያው ወርደው ሲመረጡ ወንድም ከእህት፣ ታላቅ ከታናሽ የተለያየበት ጊዜ ብዙ ነበር። ሁሉም ሙት ልጆች አልነበሩም፤ ድህነት ብቻ ያስፈነጠራቸውም ነበሩባቸው። በ1909 ፕሬዚዳንት ቴዎዶር ሩዝቬልት በቤተ መንግሥታቸው የጠሩት ጉባኤ ልጅን በድህነት ምክንያት ብቻ ከቤቱ ማውጣት እንደማይገባ መክሮ ነበር፤ በ1911 ኢሊኖይ ለችግረኛ እናቶች ተቆራጭ የሚሰጥ ሕግ በማውጣት ለሌሎች ግዛቶች ምሳሌ ሆነች። እነዚህ ሕጎች ግን የተጻፉት ለእናቶች ነው፤ እናት የሌላቸው እህትማማቾች በእነርሱ ውስጥ ስፍራ ማግኘታቸው እምብዛም ነበር። በፌዴራል ደረጃ ለችግረኛ ልጆች የሚሰጥ እርዳታ የተደነገገው በ1935 ሲሆን፣ ሠራተኛ ሲሞት ለልጆቹ የሚከፈለው የማኅበራዊ ዋስትና ክፍያ የመጣው በ1939 ነው። እንግዲህ በ1930 አንድ አባት ሲሞት ለልጆቹ የሚቀረው መሬት፣ የእጅ ሙያና የአንድ ወዳጅ ቃል ነበር። የሆርነር እህትማማቾች ያላቸው እነዚህኑ ሦስቱን ነው። ይህን የጻፈችን ደራሲ ለማስለቀስ ሙት ልጅ ፈጠረች ማለት፣ ዘመኗን ስላየች መክሰስ ነው።

እዚህ ላይ አንድ ጥያቄ ይነሣል፤ ተቺዎቹ ግን አያነሡትም። እጓለ ማውታዋ አንዲት ብትሆን ምን ይጎድል ነበር? መልሱ በዚያው ተከታታይ ውስጥ፣ በዚያው ዓመት በወጣው ሦስተኛው ቅጽ፣ «የባንጋሎው ምስጢር» ውስጥ ይገኛል። በዚያ መጽሐፍ ሎራ ፔንድልተን የምትባል ብቸኛ እጓለ ማውታ አለች፤ ሎራ ውርስ አላት፤ የጎደላት የሚያሳድጋት ሰው ነው። ስለዚህ ሞግዚት፣ ማለትም የልጅን አካልና ንብረት በአደራ የሚጠብቅ ሰው፣ ይመጣላታል፤ የመጣው ግን ሞግዚቷን መስሎ የቀረበ አታላይ ነው። ብቸኛ ሙት ልጅ በእነዚህ መጻሕፍት ውስጥ የምትጋፈጠው ጥያቄ «ማን ይረከበኛል?» የሚል ነው፤ አደጋውም ከተረካቢው ይመጣል። ሁለት እህትማማቾች ሲሆኑ ጥያቄው ይለወጣል። ግሬስና አሊ የሚረከባቸው ሰው አይፈልጉም፤ አንዷ ለሌላዋ ቤተሰብ ናት፤ ታላቂቱ የእናትን ያህል ታስባለች፣ ታናሺቱ የድርሻዋን ትሠራለች፣ ምሽት ሲሆን መብራት የሚበራበት ቤት አላቸው። የጎደላቸው መተዳደሪያ ነው። በዚህ ምክንያት በታሪኩ መጨረሻ ማንም አያሳድጋቸውም፤ ወደ ከተማ ተወስደው በደግ ሰው ቤት አይቀመጡም፤ ናንሲም እህት ላድርጋችሁ አትላቸውም። ድርሻቸው ይሰጣቸዋል፤ ቤታቸው ቤታቸው ሆኖ ይቀራል። ይህ ለእጓለ ማውታ የሚሰጥ እጅግ ያልተለመደ ክብር ነው፤ በባቡር የታደሉት ልጆች ካገኙት ጋር ሲነጻጸር ደግሞ ትርጉሙ የበለጠ ይጎላል። ወላጅ ሲሞት ቤተሰብ አብሮ አይሞትም የሚለውን ሐሳብ ለማቆም ቢያንስ ሁለት ሰው ያስፈልጋል፤ አንድ ልጅ ብቻውን ቤተሰብ ሊሆን አይችልምና።

በንዑስ ገጸ ባሕርይነታቸው ላይ የሚሰነዘረው ሌላው ነቀፋ ቶሎ መልስ የሚያገኝ ነው። እህትማማቾቹ በአንድ መጽሐፍ ታይተው ይጠፋሉ፤ ስለዚህ የሚጣሉ ዕቃዎች ናቸው ይባላል። ለንጽጽር የገርትሩድ ቻንድለር ዋርነርን «የጭነት ባቡሩ ልጆች» መመልከት ይበቃል። በኮኔቲከት ግዛት በምትገኘው በፑትናም ከተማ መምህር የነበሩት ዋርነር ታሪኩን መጀመሪያ በ1924፣ እንደገና ጽፈው ደግሞ በ1942 አሳተሙት፤ አራቱ ወላጅ አልባ ልጆች፣ ሄንሪ፣ ጄሲ፣ ቫዮሌትና ቤኒ፣ ጨካኝ ነው ብለው የሚፈሩትን አያታቸውን ሸሽተው በተጣለ የባቡር ፉርጎ ውስጥ ይኖራሉ። ያለ ወላጅ ቁጥጥር እንዲህ መደሰታቸው አግባብ አይደለም ብለው የተቃወሙ የቤተ መጻሕፍት ባለሙያዎች እንደ ነበሩ ደራሲዋ ራሳቸው ተናግረዋል። የመጀመሪያው መጽሐፍ እውነተኛ የችግርና የሥራ መጽሐፍ ነው። ሲያልቅ ግን አያትየው ደግና ባለጸጋ ሆነው ይገኛሉ፤ ፉርጎውንም አስጭነው በግቢያቸው ያስቀምጡላቸዋል። ከዚያ በኋላ፣ በዋርነር በተጻፉት 19 መጻሕፍትና ሌሎች ጸሐፊዎች በቀጠሏቸው ከ100 በላይ ቅጾች ውስጥ፣ ሙት ልጅነታቸው የሚያስፈራና የሚጎዳ ነገር መሆኑ ቀርቶ የፉርጎውን ያህል የግቢ ጌጥ ይሆናል። ዋና ገጸ ባሕርይ የሆነ እጓለ ማውታ ለተከታታይነቱ ሲባል ሁልጊዜ ሙት ልጅ ሆኖ እንዲቀር፣ ሁልጊዜም እንዳይቸገር ይገደዳል። የሆርነር እህትማማቾች ከዚህ ግዴታ ነፃ ናቸው። ጉዳያቸው ታየ፣ ተወሰነ፣ መዝገቡ ተዘጋ፤ ባለጉዳይ ከተፈረደለት በኋላ በችሎት ደጅ አይመላለስም። ጉዳያቸው እንደገና አለመነሣቱ የመጀመሪያው ቅጽ ሥራውን በሚገባ እንደ ጨረሰ ያሳያል።

የክርክሩ ዋና ማስረጃ ግን በ1959 የተደረገው ለውጥ ነው። በዚያ ዓመት፣ የኤድዋርድ ስትራትማየር ልጅና የድርጅቱ መሪ ሃሪየት ስትራትማየር አዳምስ፣ የቀደሙትን ቅጾች እንደገና ማዘጋጀት ጀመሩ። ለሥራው በቂ ምክንያት ነበራቸው። በ1930ው ጽሑፍ ውስጥ የቶፋም ቤተሰብ የሐይቅ ዳር ቤት ጠባቂ የሆነው ጥቁር አሜሪካዊ፣ ጄፍ ታከር፣ የሰከረና የሚሳቅበት ሰው ተደርጎ የቀረበበት መንገድ አሳፋሪ ነበር፤ መወገዱም ትክክል ነበር። ነገር ግን ነቀፋ የሌለባቸው ሌሎች ነገሮች አብረው ተነኩ። መጽሐፉ ከ25 ወደ 20 ምዕራፍ አጠረ፤ ናንሲ ከ16 ወደ 18 ዓመት ከፍ አለች፤ ሆርነር የሚለው የእህትማማቾቹ ስም ሁቨር ሆነ፤ አሊም አሊሰን ተባለች፤ ዶሮ ማርባቷም ቀርቶ ልዩ የመዝፈን ተሰጥኦ ያላት፣ ለድምፅ ሥልጠና የሚከፍለው ያጣች ወጣት ሆነች።

ለውጡ ጥቃቅን ይመስላል፤ የመጽሐፉን ፍርድ ግን ገልብጦታል። ዶሮ የምታረባው አሊ ኑዛዜው የሚገባት ቃል ስለ ተገባላት ነው፤ ሌላ ምክንያት አልተጠየቀባትም። የምትዘፍነው አሊሰን ግን በቃሉ ላይ የሚጨመር ማስረጃ እንድታቀርብ ተደርጋለች፤ መረዳት የሚገባት ድምፅዋ ድንቅ ስለሆነ ነው። መብት ወደ ሽልማት ተለወጠ፤ ድምፅ የሌላት ድሃ ልጅ ምን ትሁን የሚለው ጥያቄ ደግሞ መልስ ሳያገኝ ቀረ። በዚህም ሳያበቃ፣ በመጀመሪያው ምዕራፍ ላይ ጁዲ የምትባል፣ በአሮጊት ዘመዶቿ የምታድግ ሕፃን እጓለ ማውታ ታክላ፣ ከድልድይ ወድቃ በናንሲ ትነሣለች። ተቺዎቹ የሚነቅፉት ነገር፣ ማለትም ለአንባቢው እንባና ለጀግናዋ ደግነት ማሳያ የተሠራ ሙት ልጅ፣ በእርግጥ እዚህ አለ። ይህ ግን ከተሻሻለው ጽሑፍ ጋር የመጣ ነው። ሁለቱ ጽሑፎች ጎን ለጎን ሲነበቡ፣ ማዘንን የጨመረው እጅ የባለጉዳይነትን ክብር የቀነሰው ያው እጅ መሆኑ ይታያል። የልጆች መጻሕፍት ተቺዎች ለ30 ዓመት ያህል በገበያ ላይ በቀላሉ ይገኝ የነበረውን የ1959ኙን እትም እያነበቡ ስለ 1930ው ሥራ ፈርደዋል፤ የመጀመሪያው ጽሑፍ በአፕልዉድ አሳታሚ እንደገና የታተመው ከ1991 ጀምሮ ነው። ከዚያ ወዲህ የሚጻፍ ሂስ ግን ይህን ምክንያት ሊያቀርብ አይችልም።

ከባድ የሆነው ተቃውሞ ከሌላ አቅጣጫ ይመጣል፤ ሊሸሽም አይገባውም። ሆርነሮች ንጹሐን፣ ጨዋዎች፣ አንደበታቸው የታረመ ነጮች ናቸው፤ መጽሐፉ ሰው አድርጎ የሚያቀርበው እንዲህ ያሉትን ድሆች ብቻ ነው፤ ያው መጽሐፍ ጄፍ ታከርን መሳቂያ ሲያደርገው ልጆች እንዳሉት፣ ቤተሰብ እንዳለው፣ ድህነት እንደሚያውቅ አይታየውም። ይህ ክስ እውነት ነው፤ መጽሐፉንም ያስወቅሰዋል። ክሱ የሚያስረዳው ግን በመጽሐፉ ውስጥ የባለጉዳይነት ስፍራ ለጥቂቶች ብቻ መከፈቱን ነው፤ ስፍራው የለም ከሚለው ከተለመደው ፍርድ ጋር በቀጥታ ይጋጫል። እጓለ ማውታ በመጽሐፉ ውስጥ ተራ የትረካ መሣሪያ ቢሆን ኖሮ ጄፍ ታከር ከእርሱ የተነፈገው ምንም ነገር አይኖርም ነበር። ጉዳዩ የሚታይለት ሰው መሆን ክብር ስለሆነ ነው ክልከላው በደል የሚሆነው። ስለዚህ ከ1959 አዘጋጆች ይጠበቅ የነበረው ለጠባቂውም ጉዳይ መስጠት ነበር፤ እነርሱ ጥቁሩን ጠባቂ በነጭ ተክተው፣ የአሊን ዶሮዎች በዘፈን ለውጠው አለፉ።

በሁለቱም እትሞች ሳይለወጥ የቀረ አንድ ነገር አለ። የኋለኛው ኑዛዜ ተገኝቶ ሲጸና፣ የቶፋም ቤተሰብ የተመኘውን ሀብት ያጣል፤ እህትማማቾቹና በአዛውንቱ ቃል የተገባላቸው ሌሎች ሰዎች ድርሻቸውን ይረከባሉ። ናንሲ ለድካሟ ገንዘብ አትቀበልም፤ የምትወስደው አሮጌውን ሰዓት ነው። ደብተሯ ወጥታ ለሕግ ቀርባለች፤ ኑዛዜው ተነቧል፤ ሰዓቱ ባዶ ነው። በመጀመሪያው እትም ደግሞ የእርሻው ቤት፣ የግሬስ መርፌና የአሊ ዶሮዎች ከባለቤቶቻቸው ጋር በስፍራቸው ቀርተዋል።